በዝግ ሂሳብ የተቀመጠ የልጆች የጉዳት ካሳ ለአስቸኳይ ሕክምና እንዴት ይወጣል?

የኮተቤው፦
ሰላም ለሁላችሁ። የምጠይቀው ስለ አክስቴ ልጅ ነው። ባለቤቷ አዲስ አበባ ውስጥ ግንባታ ላይ ሲሠራ ከአራተኛ ፎቅ ወድቆ ሞተ። ደመወዙ በወር 6,000 ብር ነበር፤ አሠሪው ጡረታ አላስመዘገበውም። ፍርድ ቤት የአምስት ዓመት ደመወዝ፣ ማለትም 360,000 ብር ፈረደላቸው። ክፍፍሉ ለሚስት 180,000፣ ለሦስቱ ልጆች ለእያንዳንዳቸው 36,000፣ ይጦራቸው ለነበሩት አባቱና እናቱ ደግሞ ለየራሳቸው 36,000 ነው። የልጆቹ ድርሻ በየስማቸው 18 ዓመት እስኪሞላቸው በዝግ ሂሳብ እንዲቀመጥ ታዘዘ።

አሁን የዘጠኝ ዓመቱ ልጅ የቶንሲልና የአድኖይድ (ከአፍንጫ ጀርባ ያለ እጢ) ቀዶ ሕክምና ያስፈልገዋል ተብሏል፤ ሌሊት ሌሊት ትንፋሹ ይቋረጣል። የሆስፒታሉ ፕሮፎርማ (የዋጋ ማሳወቂያ) 28,500 ብር ነው። እናትየው የራሷን ድርሻ ለዕዳና ለቤት ኪራይ ጨርሳዋለች። ባንኩ ያለ ፍርድ ቤት ትእዛዝ አንድ ብር አልሰጥም አላት። ፍርድ ቤት ስትሄድ ደግሞ መዝገቡ ተዘግቷል አሏት። ከየት ትጀምር? የታላቅየውን ትምህርት ቤት ክፍያስ ከዚሁ ማውጣት ይቻላል?

ነገረ ፈጅ፦
ባንኩ ትክክል ነው፤ እዚያ መከራከር ጊዜ ማባከን ነው። መዝገቡ መዘጋቱም በር ተዘጋ ማለት አይደለም። የዝግ ሂሳብ ትእዛዝ ያለበት መዝገብ በማንኛውም ጊዜ በማመልከቻ ሊንቀሳቀስ ይችላል። «ተዘግቷል» ያላት ሰው «ወደ መዝገብ ቤት ገብቷል» ማለቱ ነው። አዲስ ክስ እንዳትከፍት። አዲስ መዝገብ ከተከፈተ ዳኛው የድሮውን መዝገብ አስቀርቦ ለማየት ብቻ አንድ ቀጠሮ ይሰጣል።

ስለዚህ ማመልከቻው የሚገባው ገንዘቡ በዝግ ይቀመጥ ብሎ ላዘዘው ችሎት፣ በዚያው መዝገብ ቁጥር ነው። አብዛኛውን ጊዜ ይህ ፍርዱን የሰጠው የሥራ ክርክር ችሎት ሳይሆን ፍርዱን የሚያስፈጽመው የአፈጻጸም ችሎቱ ነው፤ ሁለቱ የተለያየ ቁጥር ስላላቸው የትእዛዙን ግልባጭ አይታ ታረጋግጥ። ችሎቱ «ይህ የቤተሰብ ችሎት ጉዳይ ነው» ካላት፣ ያ በትእዛዝ ላይ ይስፈርና ግልባጩን ይዛ ትሂድ። በቃል ተመልሳ ከሄደች እዚያም በቃል ይመልሷታል።

ማመልከቻው ላይ ብዙ ሰው የሚሳሳተው ዳኝነቱን በጅምላ በመጠየቅ ነው። «ልጄ ስለታመመ ገንዘቡ ይለቀቅልኝ» የሚል ማመልከቻ ብዙ ጊዜ ውድቅ ይሆናል፤ ዳኛው የልጁን ገንዘብ የሚጠብቀው ከእናቱም ጭምር ነውና። እንዲህ ተብሎ ቢጻፍ ይሻላል፦

«በዚህ መዝገብ በተሰጠው ትእዛዝ መሠረት በሕፃን (ስም ከነአያት) ስም በ(ባንክና ቅርንጫፍ) በሂሳብ ቁጥር (…) በዝግ ከተቀመጠው ገንዘብ ውስጥ ብር 31,500 (ሠላሳ አንድ ሺህ አምስት መቶ) ለሕፃኑ ቀዶ ሕክምናና መድኃኒት ወጪ እንዲሆን፣ ከዚህም ብር 28,500 በቀጥታ ለሆስፒታሉ፣ ብር 3,000 ለመድኃኒት ለአመልካች እንዲከፈል፣ ቀሪው ከነወለዱ በዝግ እንዲቆይ፣ ይኸው ለባንኩ እንዲጻፍልኝ አመለክታለሁ።»

የ3,000 ብሩን ነገር ልብ በሉ። ፕሮፎርማው የቀዶ ሕክምናውን ብቻ ከያዘ፣ በኋላ የሚታዘዝ መድኃኒትና ክትትል ይቀራል፤ ለሱ ሌላ ማመልከቻ፣ ሌላ ቀጠሮ ሊመጣ ነው። ሐኪሙ የመድኃኒቱን ግምት በማዘዣ ወይም በደብዳቤ ላይ ካሰፈረው በአንድ ማመልከቻ ይጠቃለላል።

ከማመልከቻው ጋር ቃለ መሃላ ይያያዛል። ማስረጃዎቹ የልጁ የልደት ምስክር ወረቀት፣ የአባትየው የሞት ማስረጃ፣ የእናትየው መታወቂያ፣ የሞግዚትነት ማስረጃ ካላት እሱ፣ የባንኩ የቅርብ ጊዜ ስቴትመንት፣ ፕሮፎርማው እና የሐኪሙ ወረቀት ናቸው። በቤተሰብ ሕጉ (አዋጅ ቁጥር 213/1992) ከወላጆች አንዱ ሲሞት የቀረው ብቻውን ሞግዚትና አሳዳሪ ይሆናል። ሆኖም ባንኮችም አንዳንድ ችሎቶችም ወረቀቱን ይጠይቃሉ፤ በካሳው ክርክር ጊዜ አውጥታ ከሆነ ያው ይበቃል። ያ አዋጅ የሚሠራው አዲስ አበባና ድሬዳዋ ነው፤ ክልል ያላችሁ የየክልላችሁን የቤተሰብ ሕግ እዩ።

የሐኪሙ ወረቀት ላይ የበሽታው ስም ብቻ መጻፉ አይበቃም። «ሕክምናው ቢዘገይ ይህ ይህ ጉዳት ይደርሳል» የሚል አንድ መስመር ያስፈልጋል። ችሎቱ አጭር ቀጠሮ የሚሰጠው ያንን መስመር አይቶ ነው። ፕሮፎርማውም የሚጸናበት ቀን አለው፤ በአሥራ አምስት ቀን የሚያበቃ ፕሮፎርማ ይዛ ለሦስት ሳምንት ከተቀጠረች ዋጋው ተቀይሮ ይጠብቃታል። ማመልከቻው ዝግጁ ከሆነ በኋላ ፕሮፎርማውን መጨረሻ ላይ ታውጣ።

ዳኛው የሚጠይቃት አይቀርም፦ «የራስሽ 180,000 ብር የት ደረሰ?» ልጅን ማሳከም በመጀመሪያ የወላጅ ግዴታ ስለሆነ ጥያቄው ተገቢ ነው። የኪራይ ውልና የዕዳ ክፍያ ደረሰኝ፣ ገቢ ከሌላት ደግሞ ከወረዳ የሚሰጥ ማስረጃ ካላት አብራ ታያይዝ። ሳትጠየቅ በቃለ መሃላው ላይ ብታስረዳው ይበልጥ ትታመናለች።

የታላቅየው ክፍያ ከታላቅየው ሂሳብ ብቻ ነው መጠየቅ ያለበት። እያንዳንዱ 36,000 ብር የየልጁ የግል ሀብት ነው፤ ከታናሹ ወስዶ ለታላቁ መክፈል አይፈቀድም። ለትምህርት ሲጠየቅ ችሎቶች እጃቸው ጠበቅ ይላል፦ «የመንግሥት ትምህርት ቤት አለ አይደል?» ይላሉ። ልጁ ከበፊትም እዚያ የሚማር ከሆነና ክፍያው በዓመት ስንት እንደሆነ ትምህርት ቤቱ በደብዳቤ ከገለጸ ግን የሚፈቅዱ አሉ።

ባንክ ቤት፦
ነገረ ፈጅ ያለው ላይ ከባንኩ መስኮት በኩል ያለውን ልጨምር። ትእዛዝ ተሰጥቶ፣ ደብዳቤ ተጽፎ፣ ቅርንጫፍ ደርሶ የሚመለስ ብዙ ነው። ምክንያቶቹም ሁልጊዜ አንድ ዓይነት ናቸው።

አንደኛ፣ የሂሳብ ቁጥር ስህተት። ከማኅተሙ በፊት ደብዳቤውን ከደብተሩ ጋር አሃዝ በአሃዝ አስተያዩ፤ ፍርድ ቤት ሳላችሁ ሬጅስትራሩ ያርመዋል፤ ባንክ ከደረሰ በኋላ ግን ትመለሳላችሁ። ሁለተኛ፣ ስም። ደብዳቤው በአማርኛ ነው፣ የእኛ ሲስተም ላይ ያለው ስም ደግሞ በላቲን ፊደል ነው። «ሀ/ማርያም» ተብሎ ሲያጥር፣ ወይም የአያት ስም ሲቀር ሠራተኛው ኃላፊነት አይወስድም። ስሙ ሙሉ ይጻፍ። ሦስተኛውና ከሁሉ የሚብሰው «ሂሳቡ ይለቀቅ» የሚል ደብዳቤ ነው። እገዳው በሙሉ ተነሣ ማለት ነው ወይስ የተጠቀሰው ብር ብቻ? ቅርንጫፉ ለሕግ ክፍል ይልካል፣ የሕግ ክፍሉ ማብራሪያ ይጠይቃል፣ ልጁ ይጠብቃል። «ብር ይህን ያህል ተከፍሎ ቀሪው በዝግ ይቆይ» የምትለው ዓረፍተ ነገር ደብዳቤው ላይም መኖር አለባት። ማመልከቻው ላይ ብቻ ብትኖር ለእኛ ምንም አትጠቅመንም።

ትእዛዙ በቀጥታ ለሆስፒታሉ ይከፈል ካለ ሲፒኦ (ባንኩ ራሱ ክፍያውን ያረጋገጠበት ቼክ) እንሠራለን ወይም ወደ ሂሳባቸው እናስተላልፋለን። ስለዚህ ሆስፒታሉ በንግድ ፈቃዱ ላይ ያለው ስሙ ከነሂሳብ ቁጥሩ ፕሮፎርማው ላይ ይኑር። ሰው የሚያውቀው ስምና የተመዘገበው ስም የተለያዩባቸው ሆስፒታሎች ጥቂት አይደሉም።

ደብዳቤውን ራሷ ይዛ ብትመጣም ቅርንጫፉ እውነተኛነቱን ከፍርድ ቤቱ ማጣራቱ አይቀርም፤ ሐሰተኛ ደብዳቤ ስለሚመጣ ነው። ማለዳ ብትመጣ በዚያው ቀን የማለቅ ዕድል አለው። ዓርብ ከሰዓት መምጣት ለሰኞ መቀጠር ነው።

አንድ ሌላ ነገር፦ ሂሳቡ ወለድ ይወልዳል። ዝቅተኛው የቁጠባ ወለድ ከ2010 ዓ.ም. ጀምሮ 7 በመቶ ነው፤ በ36,000 ብር ላይ ግብሩ ሳይቀነስ በዓመት 2,520 ብር ማለት ነው። ስቴትመንት ሳያወጡ ያለውን ብር በግምት የሚጽፉ ሰዎች ከነበረው አሳንሰው ይጠይቃሉ። ከወለድ ነፃ ሂሳብ የሚፈልግ ቤተሰብ ደግሞ መጀመሪያ ሲከፈት በፍርድ ቤቱ ትእዛዝ ላይ ቢያስጽፈው ጥሩ ነው፤ በኋላ ማዛወር ሌላ ትእዛዝ ይጠይቃል።

አቋራጭ፦
ይህ ሁሉ ጣጣ ለምን? ደብተሩን አስይዛ ከሰው ወይም ከቁጠባ ማኅበር ትበደር፣ ልጁ 18 ሲሞላው ይከፈላል። የሚያስፈጽሙ ሰዎችም አሉ፣ ፐርሰንት ወስደው በሳምንት ያወጡታል።

ነገረ ፈጅ፦
አቋራጭ፣ ይህን ምክር ማንም እንዳይከተለው። የልጅን ገንዘብ ያለ ፍርድ ቤት ፈቃድ በመያዣነት መስጠት አይቻልም፤ ደብተሩን የያዘው አበዳሪም አንድ ብር ማውጣት አይችልም፤ የሚያሳድደው እናትየዋን ነው። «በሳምንት እናወጣለን» የሚሉት ደግሞ ወይ ያንኑ ማመልከቻ ጽፈው የልጁን ብር የሚካፈሉ ናቸው፣ ወይ ባንክ ቤት የጠቀሰውን ዓይነት ሐሰተኛ ደብዳቤ ይዘው የሚቀርቡ። ሁለተኛው ወንጀል ነው፤ ባንክ መስኮት ላይ የምትገኘው እሷ እንጂ ደላላው አይደለም። አቅም ከሌላት የኢትዮጵያ ሴቶች የሕግ ባለሙያዎች ማኅበር ለሴቶች ነፃ የሕግ ድጋፍ ይሰጣል፤ የሕግ ትምህርት ቤት ያላቸው ዩኒቨርሲቲዎችም ነፃ የሕግ ድጋፍ ማዕከላት አሏቸው። ማመልከቻና ቃለ መሃላ መጻፍ የዘወትር ሥራቸው ነው።

የጊዜውን ነገር ረስቼው ነበር፦ የፌዴራል ፍርድ ቤቶች ከነሐሴ መግቢያ እስከ መስከረም መጨረሻ ዕረፍት ናቸው። በዚያ ጊዜ የሚሠራው ተረኛ ችሎት ነው። ለሕክምና የቀረበ ማመልከቻ በተረኛ ችሎት ይታያል፤ ሬጅስትራሩ «ለጥቅምት» ካላት አስቸኳይነቱን ጠቅሳ ለተረኛው ይቅረብልኝ ትበል። የትምህርት ቤት ክፍያ ግን አስቸኳይ ነው ብሎ ተረኛውን ማሳመን ይከብዳል፤ ምዝገባውም የሚውለው እዚያው ክረምት ላይ ነው። ስለዚህ የታላቅየው ማመልከቻ ሰኔ ሳያልቅ ይግባ።

ገንዘቡ ከወጣ በኋላ የሆስፒታሉን ደረሰኝና የመድኃኒቱን ደረሰኞች ዋናቸውን ይዛ ኮፒውን መዝገቡ ላይ ታያይዝ። ችሎቱ ባያዝም ታድርገው። ሁለተኛ ጊዜ ስትመጣ ዳኛው መጀመሪያ የሚገልጠው ያንን ገጽ ነው።

ጋራዥ፦
እኔ ጋ ያለው ትንሽ ይለያል። የወንድሜ እጅ ማሽን ውስጥ ገብቶ የሕክምና ቦርድ 40 በመቶ ቋሚ ጉዳት ብሎታል። እሱም 6,000 ነው ደመወዙ። 144,000 ብር ተፈርዶለት፣ አሠሪው ይግባኝ ብሎ እግድ አወጣ፤ ብሩ ፍርድ ቤት በሞዴል 85 (ፍርድ ቤት በአደራ ለሚያስቀምጠው ገንዘብ በሚሰጠው ደረሰኝ) ተቀምጧል። ሌላ ቀዶ ሕክምና አለበት፣ ቤት ኪራይም አለ። ከተቀመጠው ላይ ጥቂት ማውጣት ይቻላል?

የማኅበር ሰው፦
ይቻላል፤ ግን በመጀመሪያ የማይገባችሁን ከራሳችሁ ኪስ እንዳትከፍሉ። ቀዶ ሕክምናው ከካሳው የሚወጣ አይደለም። በአዋጅ ቁጥር 1156/2011 በሥራ ላይ ለደረሰ ጉዳት የሕክምና፣ የሆስፒታልና የመድኃኒት፣ ካስፈለገም የሰው ሠራሽ አካል ወጪ የአሠሪው ነው፤ ከ144,000 ብሩ ውጪ ነው። ብዙ ሠራተኛ የአካል ጉዳት ካሳውን ለሕክምና ይጨርስና በኋላ «አንዴ ተከፍሎኛል» ብሎ ዝም ይላል። ደረሰኞቹን ሰብስቡ፣ አሠሪውን በጽሑፍ ጠይቁ፣ እምቢ ካለ ለብቻው ይጠየቃል። የይርጋ ጊዜው (መብቱን መጠየቅ የሚቻልበት ገደብ) በመርህ ደረጃ አንድ ዓመት ስለሆነ አታሳድሩት።

በተጨማሪ ሥራ ባቆመባቸው ወራት የሚከፈለውን ታውቃላችሁ? ለመጀመሪያዎቹ ሦስት ወራት ሙሉ ደመወዝ፣ ለቀጣዮቹ ሦስት 75 በመቶ፣ ለቀጣዮቹ ስድስት 50 በመቶ ነው። በ6,000 ብር ሲሰላ 18,000፣ 13,500 እና 18,000፤ ዓመቱን ሙሉ ሥራ ላይ ካልነበረ በድምሩ 49,500 ብር። ቋሚ ጉዳቱ ቀድሞ ተወስኖ ካሳ የሚገባው ከሆነ ወይም ድኗል ከተባለ ክፍያው እዚያ ላይ ይቆማል። ይህ ካልተከፈለው የቤት ኪራዩ መልስ እዚህ ውስጥ ነው።

አሁን ወደ ሞዴል 85። የአሠሪውን የይግባኝ ማመልከቻ አምጡና የሚከራከረው በምን ላይ እንደሆነ እዩ። «ጉዳቱ በሥራ ላይ አልደረሰም» ካለ ሙሉው ገንዘብ አከራካሪ ስለሆነ ማስለቀቅ ከባድ ነው። «40 ሳይሆን 20 በመቶ ነው» ካለ ግን ግማሹን አምኗል ማለት ነው፤ 72,000 ብር ላይ ክርክር የለም። ያኔ እግዱን ለሰጠው ይግባኝ ሰሚ ችሎት «እግዱ አከራካሪ በሆነው ብር 72,000 ላይ ብቻ እንዲወሰን፣ ያልተካደው እንዲለቀቅልኝ» ብላችሁ አመልክቱ። ለሥር ፍርድ ቤት ብታመለክቱ «የታገደ ነው» ብሎ ይመልሳችኋል፤ እግዱ የእሱ አይደለምና። ሙሉው አከራካሪ ከሆነም ፍርዱ ቢሻር የሚመልስ ዋስ አቅርቦ በከፊል ይለቀቅልኝ ማለት ይቻላል፤ ይፈቀድ አይፈቀድ የችሎቱ ሥልጣን ነው።

ሲፈቀድ ትእዛዙ ወደ ፍርድ ቤቱ ፋይናንስ ይጻፋል። ፋይናንስ የሚፈልገው የሞዴል 85 ደረሰኙን ቁጥርና ቀን ነው። ዋናው ደረሰኝ ብዙ ጊዜ ያስያዘው አሠሪ እጅ ነው የሚገኘው፤ ኮፒው ግን መዝገቡ ውስጥ ስላለ ከዚያ ግልባጭ አስወጡና ቁጥሩ በትእዛዙ ላይ እንዲጠቀስ አድርጉ። ቼኩ የሚጻፈው በፍርዱ ላይ ባለው ስም ነው፤ መታወቂያው ላይ ያለው ስም በአንድ ፊደል ቢለይ አስቀድማችሁ አስተካክሉ።

ሞዴል 85 ላይ ያለ ብር የቁጠባ ሂሳብ እንዳልሆነም እወቁ። የኮተቤው ዘመድ ልጆች ቢያንስ ወለድ አላቸው፤ ወንድምህ የሚጠብቀው ባዶውን ነው። ይግባኙ ተራዝሞ ቀጠሮ ከተደጋገመ ይህንኑ ጠቅሳችሁ ቀጠሮው እንዲያጥር ጠይቁ፤ በሥራ ክርክር ይግባኝ ሰሚው በ60 ቀን ውስጥ እንዲወስን ሕጉ ራሱ ጊዜ አስቀምጧል።

ከሪያድ፦
እናት ውጭ አገር ስትሆንስ? እኔ ሪያድ ነኝ፣ የልጄ ብር አዲስ አበባ በዝግ ተቀምጧል፣ ልጁ ያለው እናቴ ጋ ነው። «አጠቃላይ ውክልና» ልኬላት ነበር፣ ፍርድ ቤት አልተቀበላትም።

ነገረ ፈጅ፦
አጠቃላይ ውክልና የሚሸፍነው የአስተዳደር ሥራን ነው፤ ከዚያ ላለፈ ነገር ልዩ ሥልጣን ተለይቶ መጻፍ አለበት፤ ፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 2204 እና 2205 ላይ ተመልከቺው። አዲሱ ውክልና ላይ «በሕፃን (ስም) ስም በዝግ ሂሳብ ከተቀመጠው ገንዘብ ለሕክምናና ለአስፈላጊ ወጪ እንዲከፈል በሞግዚትነቴ ስም ለፍርድ ቤት እንድታመለክት፣ ቃለ መሃላ እንድትፈጽም፣ ትእዛዝ እንድትቀበል፣ ለባንክ እንድታቀርብ» የሚል ይግባ። የመዝገብ ቁጥሩም ይጠቀስ። ኤምባሲው ካረጋገጠው በኋላ አዲስ አበባ ሲደርስ መጀመሪያ ውጭ ጉዳይ ሚኒስቴር፣ ከዚያ ሰነዶች ማረጋገጫና ምዝገባ መሥሪያ ቤት («ሰነዶች») ታሳየው። ሰነዶች ሳይመዘገብ በቀጥታ ችሎት የቀረበ ውክልና ይመለሳል።

ባንክ ቤት፦
ከሪያድ፣ የልጁ ልደት በፈረንጅ ነው የተጻፈው በአበሻ? 18 ሊሞላው የተቃረበ ከሆነ እሱን አጣሪ። የአበሻው ዓመት ሲስተም ላይ ሳይቀየር እንደ ፈረንጅ ተመዝግቦ ከሆነ ልጁ በወረቀት ሰባት ወይም ስምንት ዓመት ያረጃል፤ በተቃራኒው ከሆነ ደግሞ 18 ሞልቶት መጥቶ ሲስተሙ ገና ነህ ይለዋል። የልደት ምስክር ወረቀቱን ይዞ መጥቶ ማስተካከል የሚቀለው ገንዘቡ ሳይፈለግ በፊት ነው።

የኮተቤው፦
አመሰግናለሁ ሁላችሁንም። የአፈጻጸም መዝገቡን ቁጥር አግኝተናል። የሐኪሙ ወረቀት ላይ ስለ መዘግየቱ የተጻፈ ነገር ስለሌለ ነገ ሆስፒታል ትመለሳለች።